የወይዘሮ ጁሀራ ድል በስሜ ስለተጻፈልኝ ምስጋና ማቅረብን ይመለከታል

የካቲት 1979 ዓ.ም.

ለክቡር ጓድ ኢዶሳ ቱሉ
የአእምሮ ስፖርት ማስተባበሪያ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ
ጎባ

ክቡር ሆይ፤

ከሁሉ አስቀድሜ የጎባ ብርድ ያልደፈረው ጤናዎ እንደተጠበቀ እንዲቆይ፣ በቢሮዎ ያለው የከሰል ማንደጃም እሳት እንዳያጣ ከልብ እመኛለሁ። እኔ የመዝገብ ቤት ሠራተኛዎ፣ ጠረጴዛዬ ካለፈው ሳምንት ጀምሮ ወደ ኮሪደሩ በመውጣቱ ንጹሕ አየር እያገኘሁ ደህና ነኝ። በዚህ ጉዳይ ሁለት ደብዳቤ አሽጌ አቅርቤልዎ መልስ ስላጣሁ፣ ምናልባት ፖስታውን መክፈት አስቸግሮዎት ይሆናል ብዬ ሦስተኛውን ሳላሽግ በመናኸሪያው ሻይ ቤት ግድግዳ ላይ ለጥፌዋለሁ።

አንደኛ፤ የክፍለ ሀገሩ የቼዝ ሻምፒዮን አድርገው ስለሾሙኝ አመሰግናለሁ። እንደሚያስታውሱት ውድድር አልነበረም። በክበቡ ንባብ ክፍል ሁለት ጣቴን ግንባሬ ላይ ተክዬ ቦርዱ ላይ አቀርቅሬ ቢያዩኝ፣ እንዲህ የሚያስብ ሰው እያለን ምን እንፈልጋለን ብለው በዚያው ሾሙኝ። በሰዓቱ ጥርሴን አሞኝ እንደነበር ለመናገር ያልደፈርኩት ሹመቱ ስለጣመኝ ነው።

ከዚያ በኋላ በየረቡዑ ግራንድ ማስተር ስለሚባሉት ታላላቅ የቼዝ ሊቃውንት ሕይወት እንዳስተምር ፈቀዱልኝ። አንድ የሩስኛ መጽሐፍ ነበረኝ፤ ሩስኛ ግን አልነበረኝም። ስለዚህ ፎቶግራፎቹን እያየሁ አስተማርኩ። ቀጭኑን ከውድድር በፊት እህል አይቀምስም አልኩ፤ ወፍራሙን ሐሳብ ነው እንዲህ ያሳበጠው አልኩ፤ ዓይኑን ጨፍኖ የተጋደመውን ደግሞ ሃያ ጨዋታ በአንድ ጊዜ በልቡ እየተጫወተ ነው ብዬ አስጨበጨብኩለት። ሩሲያ ተምሮ የመጣ አንድ የእርሻ ባለሙያ በኋላ እንዳነበበልኝ፣ ከፎቶግራፉ ሥር የተጻፈው የሰውየው የቀብር ቀን ነበር። ይህም ሳያግደኝ እኔም እንደነሱ ልኑር ብዬ ፈገግታ ተውኩ፤ እጄን ወደ ኋላ አጣምሬ ብቻዬን እስከ ቶጎና ወንዝ መመላለስም ጀመርኩ። ባለቤቴ ወለተ ማርያም ለአንድ ወር ያህል ዕዳ ያለብኝ መስሏት ነበር።

ሁለተኛ፤ በጥር ወር ከወዳጅ አገር የመጣው ግራንድ ማስተር ከሃያ ሰዎች ጋር በአንድ ጊዜ እንዲጫወት ባዘጋጁት ዝግጅት አንደኛውን ቦርድ ለእኔ ስለሰጡኝ አመሰግናለሁ። ሃያኛው ተጫዋች ታሞ ሲቀር፣ ወንበሩ ባዶ ሆኖ ፎቶግራፉን እንዳያበላሽ ወይዘሮ ጁሀራ ቱፋን ያመጣሁት እኔ ነኝ። እርስዎም የሴቶች ተሳትፎ ይታይበታል ብለው ደስ አለዎት።

ወይዘሮ ጁሀራ የጊኒር ተወላጅ፣ ሮቤ ገበያ ላይ ጨርቅ የሚሸጡ የሃምሳ ዓመት ሴት ናቸው። ቼዝ ያስተማርኳቸው እኔ ነኝ። ቅዳሜ ቅዳሜ ሱቃቸው በር ላይ መኪና ስጠብቅ የሚሸነፍልኝ ሰው አጥቼ ነበር። ለሦስት ወር ተሸነፉልኝ። ከዚያ ወዲህ ባሉት አራት ዓመታት አንድ ጊዜ እንኳ አሸንፌያቸው አላውቅም፤ ይህንንም ለማንም ተናግሬ አላውቅም።

እንግዳው እኔን በአሥራ አንድ እንቅስቃሴ ጨረሰኝ። በአስተርጓሚው በኩል ከጀመርኩ ስንት ሳምንት እንደሆነኝ ጠየቀኝ። አሥራ ስድስት ዓመት አልኩት። ለቅሶ ቤት እንደገባ ሰው እጄን ይዞ ቆየ።

ሌሎቹም ተራ በተራ ወደቁ፤ የወይዘሮ ጁሀራ ቦርድ ብቻ ቀረ። ቆሞ ሲዞር የነበረው እንግዳ ወንበር አስመጥቶ ከፊታቸው ተቀመጠ፤ ኮቱንም አወለቀ። ብዙ ከቆየ በኋላ በአስተርጓሚው በኩል አንድ ነገር አላቸው። «ማል ጄዴ?» ብለው አጠገባቸው ወደቆምኩት ወደ እኔ ዞሩ፤ ምን አለ ማለታቸው ነው። እኩል ለእኩል እንለያይ እያለ ነው አልኳቸው። ቦርዱን አዩት፣ ነጠላቸውን አስተካከሉ፣ «ገና አልጨረስንም በለው» አሉኝ።

ከዘጠኝ እንቅስቃሴ በኋላ እንግዳው መሸነፉን አምኖ ንጉሡን በራሱ እጅ አጋደመ። ተነሥቶም ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣቸው፤ ስማቸውን ሦስት ጊዜ አስደግሞ በማስታወሻው ጻፈ። አዳራሹ ሙሉ ሰው አይቷል፤ እርስዎም ከፊት ወንበር ላይ ነበሩ።

ሦስተኛውና ዋናው ምስጋናዬ ስለ ሪፖርቱ ነው። በዚያው ወር ሦስተኛ ሳምንት ከጽሕፈት ቤትዎ በወጣው ሪፖርት እንግዳውን ያሸነፍኩት እኔ ሆኜ ተገኘሁ። ለስድስት ወር ሥልጠና ወደ እንግዳው አገር የምላከውም እኔ ሆንኩ። ቢሮዎ ገብቼ ብጠይቅ፣ በማኅበር ያልተደራጀች ነጋዴ አሸነፈች ብሎ መጻፍ ለጽሕፈት ቤቱ ክብር እንደማይመች በትዕግሥት አስረዱኝ። «ጉዞውን ዝም ብለህ ተጓዝ» አሉኝ።

እኔም ዝም አልኩ። አሥራ አንድ ቀን ሙሉ ዝም አልኩ። ይህን ለሻይ ቤቱ ደንበኞች በሙሉ በይፋ እናዘዛለሁ። ከሪፖርቱ ጋር የተሰጠኝን የአሸናፊነት ምስክር ወረቀት ግድግዳ ላይ ሰቀልኩ፤ ሻንጣ ተዋስኩ፤ በመስተዋት ፊት ቆሜ ለጋዜጠኞች መልስ መስጠትም ተለማመድኩ። በአሥራ ሁለተኛው ቀን ወለተ ማርያም ሸሚዜን እያጠፈች፣ «ያቺ ሴትዮ ስታሸንፍ አንተ የት ነበርክ?» አለችኝ። አጠገቧ ነበርኩ አልኳት። ሸሚዙን ማጠፏን አቆመች።

በማግሥቱ ሮቤ ወርጄ ለወይዘሮ ጁሀራ ሁሉንም ነገርኳቸው። ይረግሙኛል ብዬ ነበር። እሳቸው ግን ቦርዱን አውጥተው ዘረጉ፤ ሻዬ ሳይበርድ አሸነፉኝ፤ ከዚያ ቁራጮቹን እየሰበሰቡ፣ «እዚያ የሚያስቀምጡህ ከዚያ ሰውዬ ፊት ነው። እኔ የፈራሁት ለአንተ ነው» አሉ። እሳቸው ቢጠሩስ ይሄዱ እንደሆነ ጠየቅኳቸው። ሱቁን ለእህታቸው ለሙሉካ አስረክበው በነጋታው እንደሚነሡ ነገሩኝ። ይህን ሲሉ ፊታቸውን ወደ ጨርቁ መደርደሪያ አዞሩ፤ ምን ያህል እንደፈለጉት ያወቅኩት ያኔ ነው።

ሁለቱን ደብዳቤ የጻፍኩልዎ ሪፖርቱ በእሳቸው ስም እንዲታረም ነበር። የጉዞው ቀን ትናንት አለፈ። እኔ አልሄድኩም፤ እሳቸውም አልተጠሩም፤ የአውሮፕላኑ ወንበር ባዶውን ሄደ። ስለዚህ የምስክር ወረቀቱን ከዚህ ጋር አያይዤ መልሻለሁ፤ ሻምፒዮንነቴንም ከነጥርስ ሕመሜ አስረክቤያለሁ።

ለሰጡኝ ክብር ሁሉ ባለውለታዎ፣ በኮሪደሩ ብርድ ሳይቀር የሚያስብዎ፣ በአሥራ አንድ እንቅስቃሴ የተሸነፈው ታዛዥዎ፣

ኃይለየሱስ ሸዋርጋ

ግልባጭ፦
— ለወይዘሮ ጁሀራ ቱፋ፣ ሮቤ ገበያ
— ቆመው ለሚያነቡ ሁሉ

ማሳሰቢያ፤ ትናንት ከሰዓት በኋላ እንግዳው የላከው ፖስት ካርድ ደርሶ፣ አሸናፊው አንተ ነህ ተብሎ ለእኔ ተሰጠኝ። ላዩ ላይ የተጻፈው ስም ጁሀራ ነው፤ ከሥሩ ያለው ደግሞ የአዲስ ጨዋታ የመጀመሪያ እንቅስቃሴ ነው። ለባለቤቲቱ አድርሻለሁ፤ እሳቸውም መልሱን በዚያው ጻፉ። ወደ ውጭ አገር እንዲላክ የእርስዎ ማኅተም ስለሚያስፈልገው ፖስታውን ጠረጴዛዎ ላይ አኑሬዋለሁ። የላኪውን ስም ለማረም እንዳይደክሙ በትሕትና እለምናለሁ፤ ሰውየው ከማን ጋር እንደሚጫወት ያውቃል።