ሳያድር የተለካው ሹራብ

ማክሰኞ፣ ከምሳ በኋላ
ናሙና ክፍል ሆኜ

ውድ የልጄ አባት፣

ደብዳቤህ ከደረሰኝ አሥራ አንድ ቀኑ። ሦስቴ አንብቤ ሦስቴ አጥፌ ቦርሳዬ ውስጥ መልሼዋለሁ። ጤናህ እንዴት ነው ብዬ እንዳልጀምር ወገብህ እንደሚያምህ፣ የምትኖርበት ክፍል ጣሪያው ዝቅ ብሎ አንገትህን ደፍተህ እንደምትገባ፣ ሻይ ብቻ ጠጥተህ ሥራ እንደምትሄድ ራስህ ጽፈኸዋል። እኔ ደህና ነኝ። እበላለሁ፣ እተኛለሁ፣ ሥራ እገባለሁ። ከዚያ ያለፈ ብትጠይቀኝ የምልህ የለኝም። ውስጤ ደንዝዟል። ጥርስ ከመነቀሉ በፊት መርፌ የተወጋ ድድ ታውቅ የለ፣ እንደዚያ በለው።

ስልክ ያልደወልኩትም ለዚሁ ነው። በስልክ ድምፄን ትሰማለህ፤ ድምፄ ደግሞ ግድ የሌለው ሰው ድምፅ ነው የሚመስለው። የምነግርህ ነገር እንዲህ ባለ ድምፅ የሚነገር አይደለም።

የጠየቅኸኝ አንድ ጥያቄ ነው። የምትሠራበት የሆቴል ላውንደሪ ባለቤት የእጥበት ኃላፊ ሊያደርግህ ፈልጎ እስከ ወሩ መጨረሻ መልስህን አሳውቀኝ ብሎሃል። አንተ ደግሞ "እጄን አላምነውም" ብለህ አንሶላ ማጠፍህን ልትቀጥል ነው። ከመጨረሻው ገጽ ላይ ቃል በቃል ልገልብጥልህ፦ "አንቺ ናሙና ክፍል ነበርሽ፣ የተመለሱትን ሹራቦች ለክተሻቸዋል። ያን ሁሉ ሹራብ ያኮማተርኩት እውነት እኔ ነኝ ወይ? እኔ ከሆንኩ ንገሪኝና ይውጣልኝ፤ ሰውየውን እምቢ እለዋለሁ።" እመልስልሃለሁ። ትንሽ ዙሪያውን ልዙር ብቻ። ታውቀኝ የለ፣ እኔ በር ሳላንኳኳ መግባት አልወድም።

ፋብሪካው እየተዘጋ ነው። እጅጌና አንገት የሚገጥሙት ሴቶች የሚቀመጡበት ያ ረጅም አዳራሽ ባዶውን ቀርቷል፤ ወንበሮቹ ተገልብጠው ጠረጴዛ ላይ ተሰቅለዋል። ያ ሁሉ ጫጫታ፣ ያ ሁሉ ሐሜት የት እንደገባ እንጃ። ከአለቃው በቀር የቀረነው እኔ፣ ዘበኛውና "ባቡር" ነን። ባቡርን አትረሳትም፣ ሹራብ ተኳሿ፣ በእንፋሎት ውስጥ ስትሠራ እየተነፈሰች "ቹፍ ቹፍ" የምትለዋ። እሷም የቀረችው የምትተኩሰው ኖሯት ሳይሆን ቤቷ ስለሚጨንቃት ነው።

ደንበኛችን ሥራውን ወደ ሌላ አገር ወሰደው። እዚያ ሹራቡን ከአንገት እስከ ወገብ አንድ ወጥ አድርጎ ያለ ስፌት የሚያወጣ ማሽን አስገብተዋል አሉ። ክር ታጎርሰዋለህ፣ ሹራብ ይሰጥሃል። እጅጌ ገጣሚ አይፈልግ፣ ሻይ አይጠጣ፣ አያኮርፍ! ወፍራም ሹራብ የሚገዛም እየጠፋ ነው። በሚሸጥበት አገር ብርዱ ሳስቷል ይላሉ፤ ሰዉ ስስ ሹራብ ከጃኬት በታች ይለብስና ሦስቴ ሳይደግመው ይጥለዋል። ድሮ አዲስ ሞዴል የሚመጣው በዓመት ሁለቴ ነበር። በላብ ተጠምቀን የመጪውን ዓመት የብርድ ልብስ ስንሠራ አንተ ትስቅ ነበር፣ "እኛ እኮ ከሰው ቀድመን ነው የምናረጀው" እያልክ። ያ ሁሉ ቀረ። አሁን በየወሩ ነው። ዛሬ አንገቱ ይዘጋ፣ ከነገ ወዲያ ይከፈት፣ ትከሻው ይስፋ፣ የለም ይጥበብ። ቀለሙን ዓይናችን ሳይለምደው ጊዜው አልፎበታል ይባላል።

ይኼን የጻፍኩልህ ለወሬ ብቻ አይደለም። ነገሩ የተጀመረው ከዚህ ችኮላ ነው።

አንተ አይደለህም። እኔ ነኝ።

እጥበት ክፍል ሳለህ ውሃህ ከልኩ በላይ አልሞቀም ነበር። እንዴት እንደሆነ ልንገርህ። ሹራብ ከማሽን ሲወርድ ተወጥሮ ነው። ታጥቦ፣ ተተኩሶ፣ ጠረጴዛ ላይ ተዘርግቶ ማደር አለበት። ሲያድር ይሰበሰብና እውነተኛ ቁመቱን ያሳይሃል፤ ከዚያ በፊት የለካኸው ልክ አይደለም። ለአዲስ ገቢ ሁሉ ይህንን የማስተምረው እኔው ነበርኩ፣ ጣቴን እየቀሰርኩ። ያን ሳምንት ደንበኛው ረቡዕ ዕለት አንገቱን ቀየረና ናሙናው ዓርብ ይነሳልኝ አለ። አዲሱን ሠራን፣ አጠብን፣ ዓርብ ከሰዓት ገና ትኩሱን ከካውያው ላይ አነሳሁት። የሚወስደው መኪና በር ላይ ክላክስ ያደርጋል። ለካሁት፣ ልክ መጣ። ቅጹ ላይ "አድሯል" ከሚለው አጠገብ ራይት አደረግኩ። አላደረም። አንዲት ራይት ናት፣ ከዚያ በላይ አልሠራሁም።

በዚያች ራይት ያ ሁሉ ሹራብ ተሠራ። ሲታሸግም ያው ጥድፊያ ነበር፤ ከካውያ እንደወረደ እየለካን ካርቶን ውስጥ ከተትነው። ሹራቡ ያደረው መርከብ ላይ ነው። ሲደርስ እጅጌው ሁለት ሴንቲ ሜትር አጥሯል ተብሎ ከነካርቶኑ ተመለሰ። በማግስቱ አንዱን አወጣሁና እኛ ጋ ከቀረው ከናሙናው መንትያ ጎን አነጠፍኩት። ናሙናውም ያንኑ ሁለት ሴንቲ አጥሯል። ናሙናው ደግሞ አንተ ዘንድ ደርሶ አያውቅም፣ የታጠበው እዚሁ ክፍሌ ውስጥ ባለችው ትንሽ ማሽን ነው። ያኔ ገባኝ። ናሙናውን አጥፌ መሳቢያ ውስጥ ቆለፍኩበት።

ስለዚህ ሦስት ዓመት ሙሉ አውቅ ነበር። ኋላ ነው የገባኝ፣ ቀስ እያለ ነው የተገለጠልኝ ብዬ ላለሳልሰው አልችልም። ከሁለተኛው ቀን ጀምሮ አውቃለሁ።

አለቃው ቢሮ የጠራህን ቀን እኔም በር ላይ ቆሜ ነበር፣ ሜትሬ አንገቴ ላይ። የሙቀት መመዝገቢያህን ከፍቶ "ይኼ ሁሉ አርባ፣ አርባ፣ አርባ ምንድን ነው? ውሃ ነው ወይስ የቤት ቁጥር?" አለህ። ውሃውን በክንድህ ነክተህ እንደምታውቅ፣ ቁጥሩን ሳምንቱ ሲያልቅ በአንድ ትንፋሽ እንደምትሞላው ሁላችንም እናውቃለን፤ "ቴርሞሜትር" ብለን ስም ያወጣንልህ ለምን ሆነና! አንተ ዞር ብለህ "እስቲ ንገሪው፣ በኔ እጅ ውሃ ሞቆ ያውቃል?" አልከኝ። እኔ ዓይኔን በጨው አጥቤ "እኔ እጥበት ክፍል አልገባም፣ በማላውቀው አልመሰክርም" አልኩ። ያን ጊዜ ፊትህ እንዴት እንደሆነ አይቻለሁ። ቅስምህ ሲሰበር አየሁ፣ አየሁና ሜትሬን መጠቅለል ጀመርኩ።

ለምን እንደሆነ ብትጠይቀኝ፣ የዚያን ቀን መልስ ነበረኝ። ከሁለት አንዳችን ሥራ ላይ መቅረት አለብን፣ ልጅ አለችን አልኩ። ነገ እነግረዋለሁ አልኩ። ነገ ሲደርስ ሰዉ "ቀቃዩ" ይልህ ጀምሯል፣ ያን ስም ከአንተ አውልቄ ራሴ ላይ ማጥለቅ ፈራሁ። ከዚያ ወር ሆነ፣ ከዚያ መፍራቱም ተወኝ። ምንም የማይሰማኝ ከዚያ ወዲህ ይመስለኛል።

ይህ ብቻ ቢሆን በጀ። ሻንጣህን ይዘህ የወጣህ ዕለት፣ ወጥ ቤት ስንጨቃጨቅ ያልኩህን አልረሳሁም። "ፋብሪካውን ቀቀልክ፣ አሁን እኛን ቀቀልከን!" አልኩህ። ውሸት መሆኑን እያወቅሁ ነው ያልኩት። እያወቅሁ። ልጃችን በሩ ጋ ቆማ ሰምታለች። ስትደውልላት ስልክ የማታነሳው፣ "አባትሽ" ሲሏት ፊቷን የምታዞረው ከዚያ ወዲህ ነው፣ አንተም ይህን ታውቃለህ፤ የማታውቀው ያ ቃል ውሸት መሆኑን ነበር።

ደብዳቤህ ሲደርሰኝ ለመጀመሪያ ጊዜ ነገሩ ገና እንዳላለቀ አየሁ። ያለቀ መስሎኝ ነበር እኮ! አንተ ግን እዚያ ሩቅ አገር ሰው ጓዳ ውስጥ ቆመህ ውሃ መንካት ትፈራለህ።

ሐሙስ ዕለት አለቃው ቢሮ ገባሁ። መጋረጃውን ሳይቀር አውርዶ እቃውን በካርቶን እየከተተ ነበር። ቁጭ በይ እንኳ ሳይለኝ ቆሜ ሁሉንም ነገርኩት፣ ናሙናውንም ከተቆለፈበት መሳቢያዬ አውጥቼ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋሁለት። ይቆጣል ብዬ ነበር። ጭራሽ ፈገግ አለ።

"አይ አንቺ!" አለኝ። "ሁለት ሴንቲ? በደህና ዓመት ሦስትም ያልፋል። ያን ዓመት ብርዱ ቀረ፣ ሱቆቻቸው ባልተሸጠ ሹራብ ታጨቁ። ከአሥራ አንድ ፋብሪካ ነው እቃ የመለሱት። ከአንዱ በቁልፍ ሰበብ፣ ከአንዱ በጠረን፣ ከእኛ በእጅጌ። እጅጌው ልክ ቢሆን ኖሮ ቀለሙ ነው ይሉ ነበር።"

"ይህንን ያኔ ያውቁ ነበር?"

"ከወር በኋላ ሰማሁ።"

"ታዲያ ባለቤቴን ለምን አልመለሱትም?"

"ለፋብሪካው ባለቤቶች አንድ ስም መስጠት ነበረብኝ። መዝገቡ የተዝረከረከው የሱ ነበር፣ የሱን ጻፍኩ። ከጻፍኩ በኋላ ምን ብዬ ላጥፋው?" አለና ስቴፕለሩን በጋዜጣ መጠቅለሉን ቀጠለ።

እንግዲህ ይኸውልህ። እኔ አንተን አሳልፌ የሰጠሁበት ጥፋት፣ ጥፋት ተብሎ የሚቆጠር እንኳ አልነበረም። አንድ ቀን "እኔ ነኝ" ብል ኖሮ ያው አንድ ቀን ተቆጥተውኝ ያልፍ ነበር ይሆናል። ይህን ስሰማ ማልቀስ ነበረብኝ። እንባ አልመጣም። መስኮቱን አየሁ፣ አቧራ አለው አልኩ በልቤ። ይህን የምነግርህ የኔን በደል ለማቅለል እንዳይመስልህ፤ የኔ በደል ሁለት ሴንቲዋ አይደለችም፣ በር ላይ ቆሜ ያልኩት ነው።

ከቢሮው ግን ባዶ እጄን አልወጣሁም። "ያጠፋው እሱ እንዳልሆነ ይጻፉልኝ፣ ካልጻፉ ከዚህ ንቅንቅ አልልም" ብዬ ካርቶኑ ላይ ተቀመጥኩበት። ተነሺ ቢለኝ፣ ቢለምነኝ፣ ወይ ፍንክች! ባቡር በበሩ አጮልቃ አየችና ሻይ አመጣችልኝ፣ እዚያው ጠጣሁት። በመጨረሻ ጻፈ፣ ማኅተሙን ከታሸገበት አስወጥቼ አስመታሁት። ወረቀቱ ከዚህ ደብዳቤ ጋር አለ። ለሰውየው አሳየው፣ ባይጠይቅህም አሳየው።

የቀረችው ልጃችን ነበረች። እሁድ ጠዋት ቁርስ ላይ ነገርኳት። አድጋለች፣ ብታያት አታውቃትም፤ አሥራ አምስት ዓመቷ ነው፣ "ሚጣ" ካልናት ትገላምጠናለች። እስከ መጨረሻው ሰማችኝ። ከዚያ አንድ ነገር ጠየቀችኝ፦ "እማዬ፣ ያን ቀን ቀቀልከን ስትዪው ታውቂ ነበር?"

"አዎ" አልኳት።

ተነስታ ኩባያዋን አጠበች። የኔን አላጠበችም። ልብሷን በፌስታል ጠቀለለችና አክስቷ ቤት ልትሄድ ወጣች፤ እኔም አልያዝኳት፣ በምን አፌ? ከበሩ ከወጣች በኋላ ተመልሳ "የአባቴን ስልክ ቁጥር ስጪኝ፣ እኔ አጥፍቼዋለሁ" አለችኝ። አንድ በአንድ ነገርኳት። "በቃልሽ ነው እንዴ የምታውቂው?" አለችኝ ቆማ።

ይኸው ዛሬ ሦስተኛ ቀኗ ነው። ይህ ደብዳቤ ሲደርስህ ደውላልህ ይሆናል። ካልደወለች አፍራ ነው፣ ጠላችኝ ብለህ እንዳትወስደው። ስትደውል በኔ ምክንያት አትውቀሳት፣ እናትሽን ማሪያት ብለህም አትለምንልኝ። ስለ ትምህርቷ ጠይቃት፣ ሒሳብ ላይ ጎበዝ ሆናለች።

አንተ ግን ለኔ መልስ ከመጻፍህ በፊት ሄደህ ሰውየውን እሺ በለው። እጅህ ትክክል ነበር። ሁልጊዜም ትክክል ነበር። በርሜሉ ላይ ጎንበስ ብለህ ክንድህን ስትነክር፣ ዓይንህን ጨፍነህ "ደርሷል" ስትል ስንት ዓመት ከበሩ ሥር ቆሜ አይቼሃለሁ። እጥበት ክፍል አልገባም ያልኩት እኔ!

ልብ በል፣ በዚህ ሁሉ ወረቀት ውስጥ "ተመለስ" የሚል ቃል አልጻፍኩም። የለም። ብትፈልግ ደግመህ አንብበው።

ፈጣሪ ወገብህን ያጽናልህ፣ እጅህን ይባርክልህ፣ የገባህበት ሥራ ይቅናልህ። እንጀራህን የሚሰጥህን ሰው ደግ ያድርግልህ። ስሜን ስታስብ የሚመጣብህን ክፉ ነገር ያርቅልህ።

የልጅህ እናት