ሁለተኛዋ ጉርሻ

ጥቅምት 2 ቀን 74፣ ሰኞ ማታ
ዛሬም ስኳር። ሰልፉ ከኅብረት ሱቃችን በር እስከ ጎፋ አስፋልት። ግማሹ ሰው፣ ግማሹ ወረፋ የተያዘበት ድንጋይ። አልማዝ ሚዛኑ ላይ ነች። ከመምህርነት ጡረታ ወጥቼ የሱቁ ኃላፊ ከሆንኩ ወዲህ ያለችኝ ተማሪ እሷ ብቻ ናት። መርፌው ሳይረጋ ዕቃውን አታንሺ እያልኩ ስንት ወር ለፋሁ! አሁን አታነሳም። ሳቋ ግን ለታደሰ ነው። ከሌላ ቀበሌ ተዛውሮ የመጣው ሻጭ። ሰልፈኛውን ሁሉ የኔ እናት ይላል፤ ኪሎውን በዓይኑ ይገምታል። በዓይን!

ጥቅምት 5፣ ሐሙስ፣ 10 ሰዓት
ምሳ ከጆንያው ጀርባ፣ ሦስታችን። ሽሮ። አልማዝ አጎረሰችኝ። አንድ። ሁለተኛዋን ስጠብቅ ታደሰ ቀልድ ጣለ፤ እጇ ዞረ፤ እሱ ጎረሳት። አንድ ጉርሻ ያጣላል ይባላል። በኔ ዕድሜ በጉርሻ አይኮረፍም። ኮርፌያለሁ። አመመዎት እንዴ ጋሼ አለችኝ። ራሴን ነው አልኩ።

ጥቅምት 7፣ ቅዳሜ፣ ረፋድ
የኮሚቴው ሊ/መንበር ጠሩኝ። መካኒሳ አቦ አጠገብ አዲስ ሱቅ ይከፈታል። ከአልማዝና ከታደሰ ለኃላፊነት የሚሆነውን ሰኞ እንድነግራቸው። ታደሰ ነዋ! ይሂድልኝ። ምሳችን እንደ ድሮው ለሁለት።

እዚያው ቀን፣ ማታ
ከሰዓት በኋላ ጠብ። የአንዲት እናት ድንጋይ ተነሥቶ ተጣለ። ጩኸት፣ ግፊያ። ታደሰ ቢቀልድ ማን ሰምቶት። አልማዝ ወጣች። ድምጿን ሳታነሣ እያንዳንዱን ሰው ከፊትህ ማን ነበር፣ ከኋላሽስ ማን እያለች ጠየቀች። ሴትዮዋን ቦታቸው መለሰቻቸው። የኔ ዘዴ! ተማሪዎች ሲጣሉ የማደርገው። አንድ ቀን ምሳ ላይ አጫውቻት ነበር። ለካ ትሰማኝ ነበር።
ታደሰ ክርኔን ነካ አድርጎ፣ «ጋሼ፣ ይቺ ልጅ እኮ ቁርጥ እርስዎን!» አለኝ። ደስ ብሎት። ቢቀና ምን ነበረበት?

ጥቅምት 8፣ እሑድ
ከቤተ ክርስቲያን መልስ ቁጭ ብዬ አሰብኩ። ታደሰን ብሰድ እሷን አስቀራለሁ። ኃላፊነቱ የሚገባው ግን ለእሷ ነው።
የሷን ስም እሰጣለሁ። ቆርጫለሁ። እኔም አጣታለሁ፣ ታደሰም ያጣታል። የሚገባት መሆኑ ይሁን የሱ ማጣት፣ የቱ እንዳስቆረጠኝ፣ ማስታወሻዬ፣ አትጠይቀኝ።
ከዚያ ወዲያ ምሳ እኔና ታደሰ ብቻ። ያጎርሰኝ ይሆናል። አንድ ብሎ ቢያቆም ግን…