ካርታው የሸፈነው ግድግዳ

ጥቅምት 4፣ ሰኞ

ዛሬ ስምንተኛ «ለ»ን ታሪክ አስተማርኩ። ያን ሁሉ አገር የገዛ ጥንታዊ ግዛት ለምን ወደቀ? መጽሐፉ በአንድ መስመር ይገላገለዋል፤ «ጠላት ወረረው»። አልተዋጠልኝም። ጠላት መቼ ጠፍቶ ያውቃል? ድሮስ ለምን አልጣለውም? ድርቁን ነገርኳቸው፣ የግብሩን ብዛት፣ የጦር አለቆቹን ሽኩቻ… ከሁሉ የባሰው ግን፣ አልኳቸው፣ ክፉ ወሬ ቤተ መንግሥት መግባት ማቆሙ ነው። የተናገረ ይቀጣ ነበራ። ሁሉም ጻፉ። አንድም የጠየቀ የለም።

ጥቅምት 5

የክፍሉ የኋላ ግድግዳ ስንጥቅ ሰፍቷል። እጄን ያስገባል። ለርዕሰ መምህሩ ነገርኳቸው፤ መፍትሔ አላጡም። ትልቁን የግዛቱን ካርታ ከዕቃ ቤት አስወጥተው ሰቀሉበት። «ሐሙስ ከትምህርት ቢሮ እንግዶች ይመጣሉ። ገመናችንን እንሸፍን እንጂ፣ እመቤቴ!» መጀመሪያ ሳቄ መጣ። ቀጥሎ አንጀቴ አረረ። እዚያ ግድግዳ ሥር እኮ ልጆች ይቀመጣሉ።

ጥቅምት 6

ለእንግዶቹ እናገራለሁ ብላት፣ ወዳጄ የሒሳብ መምህሯ፣ «ተይ እባክሽ፣ ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም» አለችኝ። ቤት ስገባ ባሌም ያው። «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» ሲለኝ፣ «ርዕሰ መምህር ግን ይከሰሳል» አልኩት። ፊቱን ወደ እራቱ መለሰ።

ጥቅምት 7፣ ሐሙስ

እንግዶቹ ገቡ። ከመሃላቸው አንድ ሽማግሌ ካርታውን ወደዱት። «ይህን የሚያህል ግዛት ምን ጣለው፣ ልጆች?» ልጆቹ ደብተራቸውን ማገላበጥ ጀመሩ።

ዓይኔን በጨው አጥቤ ካርታውን አወረድኩት። «ስንጥቁን ለአለቃ የሚናገር ሰው ስለጠፋ ነው» አልኩ። ርዕሰ መምህሩ ላብ በላብ ሆኑ። እኔም ፈርቼ ነበር፣ አልዋሽም። ነገም ቢሆን ግን አወርደዋለሁ።

ጥቅምት 11

ክፍሉ ተዘጋ። ልጆቹ ወደ ቤተ መጻሕፍት ዞሩ። እኔ ደግሞ ከታሪክ ክፍል ኃላፊነት ተነሳሁ። «አለቃን በማዋረድ» ነው አሉ። ይሁን።

ጥቅምት 14

በመደርደሪያዎቹ መሃል ተጣብበን ተቀመጥን። የግዛቱን አወዳደቅ እየከለስኩ ሳለ፣ ትምህርት ከተከፈተ ጀምሮ ድምጿን ሰምቼ የማላውቃት ልጅ እጇን አወጣች።

«ቲቸር፣ እኔ አይመስለኝም።»

«ምኑ?»

«ነገሥታቱ ቢነገራቸውስ ዝናብ ያዘንቡ ነበር? የጣላቸው ድርቁ ነው።»

ልጆቹ ሁሉ ዓይናቸውን እኔ ላይ ተከሉ። ትቆጣለች ብለው ይሆናል።

«ተሳስቻለሁ ማለት ነው?»

«አዎ፣ ቲቸር።»

ጠመኔውን ሰጠኋትና ሄጄ ወንበሯ ላይ ተቀመጥኩ።