ቡናው እስኪለቀም የማይገባበት ቤት

ለተከበሩ አቶ ሕዝቅያስ፣
በከተማችን የፍርድ አፈጻጸም ኃላፊ፤

ከሁሉ አስቀድሜ ለጤናዎ፣ ለቤተሰብዎ፣ በተለይም ብዙ በመቀመጥ እንዳይጎዳ ዘወትር ለምሳሳለት ወገብዎ የከበረ ሰላምታዬን አቀርባለሁ።

እኔ ከሚዛን ወደ ቴፒ በሚወስደው መንገድ ላይ ባለችው ከተማችን ገበያ ኮረሪማና እርድ የምሸጠው ሁስና ሳዲቅ ነኝ። ሥራ ስለሚበዛብዎ ረስተውኝ ከሆነ ላስታውስዎ፤ ከአቶ አስረስና ከባለቤታቸው ከወይዘሮ ሰርካዲስ አንድ ቤት ከነግቢው ገዝቻለሁ። ውሉ በሽማግሌዎች ፊት ተነበበ፣ ባልና ሚስት ፈረሙ፣ ተመዘገበ፣ ዋጋውም ተከፍሎ አለቀ። ቤቱን የገዛሁት ለእናቴ ለረቢያ ነው። እናቴ አባቴን ተከትላ ከጅማ ወደዚህ ከመጣች ጀምሮ የኖረችው በሰው ቤት ተከራይታ ነው። አሁን ልቧ ደክሟል፤ የምትለምነኝም አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ሞት ሲመጣ በራሷ ቤት እንዲያገኛት።

አስፋልት ሊገባ ነው የሚል ወሬ ሲናፈስ አቶ አስረስ የሸጡት ቤት ድንገት አሳዘናቸውና አልለቅም አሉ። ከሰስኩ፣ ተፈረደልኝ፤ ይግባኝ አሉ፣ ፍርዱ ጸና። አልሐምዱሊላህ ብዬ እፎይ ያልኩት ወረቀቱ ዞሮ ዞሮ እርስዎ ጠረጴዛ ላይ እንደሚያርፍ ባለማወቄ ነው። ይኸው ላም አለኝ በሰማይ ወተቷንም አላይ እንደተባለው፣ በፍርድ የቤት ባለቤት ሆኜ የሰው ኪራይ እከፍላለሁ። ስለዚህም ምስጋናዬን በተራ በተራ እንዳቀርብ ይፍቀዱልኝ።

አንደኛ፣ ቤቱን ሊያስረክቡኝ ፖሊስ አስከትለው በመጡ ዕለት ላሳዩት ባህል አክባሪነት አመሰግናለሁ። አቶ አስረስ በግቢው ያለውን ቡና ጠቁመው ፍሬዬን ሳልለቅም እንዴት እወጣለሁ ቢሉዎ፣ ፍሬ በዛፍ ላይ እያለ ግቢ አይለቀቅም የሚለውን የአገር ወግ ጠቅሰው፣ ርክክቡ ከለቀማ በኋላ ይሁን ብለው ተመለሱ። ወጉን እኔም አውቀዋለሁ፤ የቡና አገር ልጅ ነኝ። ወጉ የተሠራው የሰው ቡና ሲያርምና ሲጠብቅ ከርሞ በለቀማ ዋዜማ ውጣ ለሚባል ደኻ ነው እንጂ፣ ቤቱን ሸጦ ዋጋውን ለበላ ሰው አይደለም። ደግሞስ ውሉ ቤቱ ከነቡና ተክሉ መሸጡን በግልጽ ይናገራል፤ ይህ የተጻፈው ግን በሁለተኛው ገጽ ላይ ስለሆነ፣ እዚያ ድረስ ይዝለቁ ብሎ የእርስዎን ዓይን ማድከም ነውር ነው።

ሁለተኛ፣ ቡናው ተለቀመ። እሰይ ብዬ ብመጣ ግቢው ውስጥ ለፀሐይ ተሰጥቶ ኖሮ፣ ከነገለባው የተሰጣው ጀንፈል እስኪደርቅ ታገሺ አሉኝ። ጀንፈሉ ደርቆ ሲነሣ ዝናብ ጠብ አለና ቡናው አበበ፤ እርስዎም አበባ ከፍሬ ይቆጠራል ብለው ወሰኑ። አበባው ረግፎ ፍሬ ሲይዝማ ምን ይባላል፣ ወደ ተነሣንበት ተመለስን። ጌታዬ፣ ቡና ሥራ ፈትቶ የሚቀመጥበት ወር እንደሌለ የቴፒ ሕፃን ሁሉ ያውቃል፤ እርስዎ ዕድሜ ልክዎን ሲጠጡት ከየት እንደሚመጣ ጠይቀው አያውቁም ማለት ነው?

ሦስተኛ፣ አቶ አስረስ ነገሩ እንዴት እንደሚሠራ ሲገባቸው በመስኮቱ ሥር አዲስ የቡና ችግኝ ተከሉ። በሰው ቤት! ጉድ ነው ብዬ አቤት ብል፣ የችግኙ ሁኔታ ተጣርቶ ይቅረብ ብለው ጽፈው ሰጡኝ። ችግኝ ለፍሬ እስኪደርስ ዓመታት ይፈልጋል፤ እናቴ ደግሞ ያን ያህል ዓመት የላትም።

አራተኛው ምስጋና አይደለም፣ ለእርስዎ ያለኝ ንቀት ነው፤ ልደብቅዎ አልፈልግም። በቀደም ቢሮዎ የመጣሁት፣ ቢያዩዋት ያዝናሉ ብዬ እናቴን ይዤ ነበር። ደረጃውን እያረፈች፣ ግድግዳውን እየተደገፈች ወጣች። እርስዎ ግን ቀና ብለው እንኳ ሳያዩዋት፣ አሮጊቷን ለምን ታደክሚያታለሽ ብለው እኔን ተቆጡኝ። ገበያ የምውል ሰው ነኝና ብዙ ሌባ አይቻለሁ። ሌባ ቢያንስ ሲያዩት ይሮጣል፤ እርስዎ ግን ቁጭ ብለው ነገ ነይ ይላሉ። ያን ቀን እናቴ በመንገድ ላይ እርስዎን መርቃ፣ ሥራ በዝቶበት ነው አለችኝ፤ እኔ ግን እንደ እሷ ደግ አይደለሁም።

እንግዲህ በታላቅ ትሕትና የምለምንዎ፣ ቢችሉ ፍርዱን እንዲያስፈጽሙ፣ ባይችሉ ደግሞ ለእኛም ለእርስዎም ዕረፍት እንዲሆን፣ ቡና ወደማይበቅልበት አገር ተዛውረው እንዲያገለግሉ ነው።

ለሕግ ከሚሰጡት ክብር ይልቅ ለቡና ተክል ያለዎትን ርኅራኄ ሳደንቅ የምኖር፣ የቤት ባለቤትና የቤት ተከራይ፣

ሁስና ሳዲቅ

ማስታወሻ፦ ይህን ደብዳቤ እንዲባዛ ሰጥቼ ሳልረከበው እናቴ ረቢያ ወደ አኼራ ሄደች። አከራያችን ግቢዬ ውስጥ ድንኳን አይተከልም ስላሉ፣ ለቅሶ የተቀመጥነው ጎረቤታችን ኸይሩ ቤት ነው። ጠዋት ሞታ ከቀትሩ የዙሁር ሶላት በኋላ የራሷን መሬት ተረከበች፤ ቀጠሮ የሰጣት ሰው አልነበረም። እርስዎም ለወጉ ለቅሶ መጥተው፣ ወደ ጆሮዬ ጎንበስ ብለው፣ የቤቱን ጉዳይ ከእንግዲህ እናፋጥንልሻለን አሉኝ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ። ለእኔ ብለው ከሆነ አይቸኩሉ፤ እኔ ገና ጉልበት አለኝ፣ እጠብቃለሁ። ጊዜ ያልነበራት እሷ ነበረች።