ባዶዋን የለካኋት መኪና

ሰኔ 28፣ ወገዳ

ነገ እናቴን ለቀዶ ሕክምና ደብረ ታቦር ማድረስ አለብኝ። መንገዱ መሃል ያፈጠጠው ድንጋይ ቁመቱ ከስንዝር በሁለት ጣት ያንሳል። ዛሬ ከመኪናዬ ሆድ እስከ መሬት ብለካ ድፍን ስንዝር ሆነ፤ ታልፋለች ብዬ ፎከርኩ።

«ባዶ አህያና የተጫነች አህያ አንድ ናቸው?» አሉ አባቴ።

እናቴን፣ አባቴንና እኅቴን አስገብቼ፣ ተንበርክኬ ለካሁ። ሦስት ጣት ወርዳለች፤ ድንጋዩ ሆዷን ሊቀደው ነው። አባቴና እኅቴ «እዚያ ስንደርስ ወርደን በእግር እናልፋለን» ብለው ወጡ። አሁን የወረደችው አንድ ጣት ብቻ ሆነ። ተመስገን አልኩ።

«አንተስ? ሳትገባ ነው የምትነዳት?» አለች እናቴ።

ውይ ቂልነቴ! ራሴን አልቆጠርኩም። ገብቼ መሪውን ያዝኩ። እኅቴ ተንበርክካ ለካች። ስንት ጣት ቀረ ብላት «ሁለት ጣት ወርዳለች፤ ከድንጋዩ ጋር እኩል ሆናለች» አለችኝ።