ያልተሰበሩት አምባሮች

ከምሽጉ፣ በክረምቱ በሽራቫና ወር፣ ጨረቃ መጉደል በጀመረች በሦስተኛው ቀን

ለምወድሽ ልጄ ለኤራካ፣

እንደምን ነሽ ዓይኔ? ሆድሽስ እንዴት ነው? ይህን ስታነቢ ቁጭ በይ፤ አማትሽም አጠገብሽ ይሁኑ። አባትሽ ዐርፏል። ትኩሳቱ ጊዜ አልሰጠውም። የዘገየሁብሽ ወንዙ ሞልቶ መልእክተኛ አላሻግር ስላለ ነው። አደራ፣ እመጣለሁ ብለሽ ጀልባ እንዳትሳፈሪ።

ባረፈ በዐሥረኛው ቀን አጎቴ ጋንጋያ የመበለት ነጭ ልብስና አምባር መስበሪያ ድንጋይ አስይዞ፣ መኳንንቱን አስከትሎ መጣ። ከነገሥኩ ጀምሮ «ጌታዬ» ሲለኝ የኖረ ሰው፣ «በይ እንግዲህ፣ እንደ ሴቶቹ አምባርሽን ሰብረሽ፣ የባለትዳርነት ምልክቱን የግንባርሽን ቀለም ጠርገሽ እጓዳ ግቢ» አለኝ። «ባሏ የሞተባት ሴት ሰይፍ ከነካች ለአገር ገዷ አያምርም። ዙፋኑን እኛ እንጠብቅልሻለን።»

አዬ ጠባቂ! እኔ እንደ ወትሮው የወንድ ልብሴን ለብሼ፣ እጄም አምባር አልነበረበትም።

«አጎቴ፣ አባቴ ወንድ ልጅ ቢያጣ በእሳት ፊት ‹ይህች ወንድ ልጄ ናት› ብሎ ሲያስምለኝ፣ የመሐላውን ውሃ ያፈሰሱት እርስዎ አይደሉም?»

«ነኝ። ታዲያስ?»

«ታዲያማ ባለቤትዎ የሞቱ ጊዜ የትኛውን አምባርዎን ሰበሩ?»

ከኋላ አንዱ ሳቁ አመለጠው። ሽማግሌው ካህን ራሳቸውን አከክ አከክ አድርገው፣ «ያ መሐላ አይፈታም። ንጉሥ አምባር አይሰብርም» አሉ። ጋንጋያ ድንጋዩን አስይዞ ተመለሰ። ዙፋኑ ተረፈ።

ግን ልጄ፣ ንጉሥ ሙሾም አያወርድም። በዚያ ቃል ስለረታኋቸው ለአባትሽ ማልቀስ ተከለከልኩ። ዓይኔ ቀልቶ ቢያዩኝ ድንጋዩን ይዘው ይመለሳሉ። አንቺ ጮኸሽ አልቅሽለት፤ የኔንም ጨምሪበት። አንጀቴ አርሯል።

ታስታውሻለሽ፣ ማታ ከችሎት ስገባ ያንን ልብስ አውልቄ አረንጓዴዎቹን የብርጭቆ አምባሮች ሳጠልቅ፣ አባትሽ ድምፃቸውን ሰምቶ «እፎይ፣ ንጉሡ ሄደ፤ ባለቤቴ መጣች» ይል ነበር። አንድም አልተሰበረም። ትናንት አጥልቄያቸው አልጋው አጠገብ ቆሜ እጄን ደጋግሜ ነቀነቅሁ። የሚመልስልኝ የለም፤ ንጉሡም አልሄደ።

በሰላም ተገላገይ፤ የአባትሽ በረከት ይደርብሽ። ሴት ከወለድሽ ሴት ትሁንልሽ። ማንም በእሳት ፊት እንዳያስምልብሽ።

እናትሽ ባያማ