የሰይድ እጅ

ሰኞ፣ ጥር 8 ቀን 1931 ዓ.ም.፣ ደሴ

ትናንት ከጎረቤቴ ከከድጃና ከልጇ ከሰይድ ጋር በካሚዮን ኮምቦልቻ ወረድኩ። ሰይድ እሑድ እሑድ ጣልያኖቹ ፊት ቦክስ እየተጋጠመ ነው የሚኖረው። ልጄን ታደሰን ክረምት ላይ ንዳድ ሳይወስድብኝ፣ ሁለቱም አብረው ይጋጠሙ ነበር። ጓንቱን ከማጥለቃቸው በፊት የሁለቱንም እጅ በነጠላ ቅዳጅ የምጠቀልለው እኔ ነበርኩ።

«እማማ፣ እንደ ድሮው ይጠቅልሉልኝ» ብሎ ሰይድ ትናንት እጁን ዘረጋልኝ።

ከድጃ ከጎኔ ሆና፣ «ወላሂ፣ የዚህን ልጅ ፊት አብጦ ማየት መሮኛል። አንቺስ ተገላገልሽ» አለች። ወዲያው አፏን በእጇ ያዘች። «አውፍ በይኝ እህቴ፣ ምላሴ ነው።»

«ምንም አይደል» አልኳት። ቅዳጁን ግን አላልቼ ጠቀለልኩት። አውቄ ነው።

ሰይድ ጣቶቹን ጨበጥ ዘርጋ አድርጎ፣ «አልላላም እማማ?» አለኝ።

«ይበቃሃል» አልኩት። አምኖኝ ገባ።

አሸነፈ። ጓንቱ ሲወልቅ ግን ቀኝ እጁ አብጦ ጣቶቹ አልታጠፍ አሉ።

ዛሬ ጠዋት ጥፋቴን ልናገር ብዬ ቅቤ ይዤ ሄድኩ። ከድጃ እጁን ጭኗ ላይ አድርጋ ታሸዋለች።

«ቀስ በይ እንጂ እማ!»

«ዝም በል፣ አንተ ጉልቤ!»

ይሳሳቃሉ። በሩ ላይ ቆሜ አየኋቸው። የመጣሁበት ነገር ከአፌ አልወጣም። ቅቤውን ሰጥቼ ተመለስኩ። እኔ ያሳበጥኩትን እጅ እንኳ የምታሸው እሷ ሆነች።